ሪሳይክል ቢኑ «ተበላሽቷል» ሲባሉ «የስ» አይበሉ

ጥያቄ፦ ሰላም ለዓምዱ አዘጋጆች። ውጫዊ ሃርድ ዲስኬን በሰካሁ ቁጥር «በዲ ድራይቭ ላይ ያለው ሪሳይክል ቢን ተበላሽቷል፤ የዚህን ድራይቭ ሪሳይክል ቢን ባዶ ማድረግ ይፈልጋሉ?» የሚል መልእክት ይመጣብኛል። ባለፈው ሳምንት ቦታ ለማስለቀቅ ብዬ ያጠፋሁት ፎልደር ውስጥ የሁለት ዓመት የሂሳብ ሰነዶች እንደነበሩ ያስታወስኩት ዘግይቼ ነው። «የስ» ብል ሁሉም የሚጠፋ መሰለኝ፤ «ኖ» ስል ደግሞ መልእክቱ በሌላ ቀን ተመልሶ ይመጣል። ሪሳይክል ቢኑን ስከፍተው የሚታዩኝ የሲ ድራይቭ ፋይሎች ብቻ ናቸው።

ሁለተኛ፣ ሲ ድራይቭ ሞልቷል ይለኛል። ሪሳይክል ቢኑን ባዶ ባደርገውም የተለቀቀው ቦታ እዚህ ግባ የሚባል አይደለም። በኮምፒውተሩ የምንጠቀመው ሁለት ሰዎች ነን፤ አካውንታችን የየራሳችን ነው። ሦስተኛ፣ ፍላሽ ላይ የማጠፋው ፋይል ሪሳይክል ቢን ውስጥ ገብቶ አይቼው አላውቅም። ዊንዶውስ 11 ነው የምጠቀመው። ምን ይሻለኛል?

ግራ የገባኝ

መልስ፦ ውድ ጠያቂያችን፣ «የስ» ያለማለትዎ ሰነዶችዎን ሳያድንልዎት አልቀረም። ያ ቁልፍ አንዳች የሚጠግነው ነገር የለም። የሚያደርገው በዚያ ድራይቭ ላይ የተጣለውን ፋይል ሁሉ ጠራርጎ ማጥፋት ብቻ ነው። መልእክቱ ሲመጣ «ኖ» እያሉ ይዝጉት፤ ሥራው እስኪያልቅ ድረስም ዲ ላይ አንድም አዲስ ፋይል አይጻፉ።

ዴስክቶፕ ላይ የሚያዩት የሪሳይክል ቢን ቅርጫት ሥዕል ብቻ ነው። እውነተኛው ማጠራቀሚያ በእያንዳንዱ ድራይቭ ላይ ለየብቻው የተቀመጠ ስውር ፎልደር ሲሆን ስሙ በዶላር ምልክት ይጀምራል፤ ቀጥሎ «ሪሳይክል»፣ ከዚያ ነጥብ፣ ከዚያ «ቢን» ይላል። ቅርጫቱን ሲከፍቱ ዊንዶውስ የሲን፣ የዲንና የሌሎቹን ፎልደሮች ይዘት አንድ ላይ ሰብስቦ ነው የሚያሳይዎት። የዲ ፋይሎች ያልታዩዎትም አንደኛው ፎልደር አልነበብ ስላለው ነው። ፋይሎቹ ጠፍተዋል ማለት አይደለም።

በዚያ ስውር ፎልደር ውስጥ ለእያንዳንዱ የኮምፒውተሩ ተጠቃሚ አንድ አንድ ንዑስ ፎልደር አለ። ስሙ «ኤስ-1-5-21» ብሎ ጀምሮ በረጅም ቁጥር የሚቀጥል የአካውንቱ መለያ ነው። እዚያ ውስጥ ደግሞ ያጠፉት እያንዳንዱ ፋይል ለሁለት ተከፍሎ ተቀምጧል። አንደኛው ስሙ በ«$አር» ይጀምራል፤ ስድስት የዘፈቀደ ፊደልና ቁጥር ይከተላል፤ የድሮው የፋይሉ ዓይነት ከነጥብ በኋላ እንዳለ ይቀራል። ይህ ራሱ ፋይሉ ነው፤ ውስጡ አልተነካም። ሁለተኛው በ«$አይ» ይጀምርና ያንኑ ስድስት ምልክት ይደግማል። እሱ ካርድ ነው፤ ፋይሉ ከየት እንደመጣ፣ መጠኑ ስንት እንደሆነና መቼ እንደጠፋ የተመዘገበበት። «ሪስቶር» ሲሉ ዊንዶውስ ካርዱን አንብቦ ዕቃውን ወደ ቦታው ይመልሳል። ከዊንዶውስ ቪስታ ወዲህ አሠራሩ ይኸው ነው። ከዚያ በፊት በነበረው ኤክስፒ ግን የሁሉም ዕቃ ዝርዝር በአንድ መዝገብ ውስጥ ስለነበር መዝገቡ ሲበላሽ የሁሉም ስምና አድራሻ አብሮ ይበላሽ ነበር።

እርስዎ ዘንድ የተበላሸው፣ አብዛኛውን ጊዜ እንደሚሆነው፣ ካርዱ ወይም የፎልደሩ የመዳረሻ ፈቃድ ነው፤ ዕቃው አይደለም። ውጫዊ ዲስክ ገና እየጻፈ እያለ ሲነቀል፣ መብራት ድንገት ሲጠፋ፣ ወይም አንዱ ዲስክ በብዙ ኮምፒውተር ላይ እየተዘዋወረ ሲሰካ እንዲህ ያለ ነገር ይመጣል። ዊንዶውስ ፎልደሩን እንደጠበቀው ሆኖ ሳያገኘው ሲቀር «ተበላሽቷል» ይልና ባዶ ላድርገው ብሎ ይጠይቃል። እንዴት እንደሚታከም ግን አይነግርዎትም።

ስለዚህ ቅደም ተከተሉ መጀመሪያ መገልበጥ፣ ቀጥሎ ዲስኩን መፈተሽ፣ በመጨረሻ የተበላሸውን ፎልደር ማፍረስ ነው። ብዙ ሰው ፍተሻውን ያስቀድማል፤ እኛ አንመክርም። የዲስክ ፍተሻ የሚጨነቀው ለፋይል ሥርዓቱ ጤንነት ነው። ለርስዎ ሰነድ ግድ የለውም፤ ባለቤት ያጣበትን ቁራጭ ስሙን አራግፎ በቁጥር ብቻ የተሰየመ ፋይል አድርጎ ሌላ ፎልደር ውስጥ ሊጥለው ይችላል። ከዚያ በኋላ የትኛው ምን እንደነበር መለየት አሰልቺ ሥራ ነው።

ለመገልበጥ ከዲ ውጭ የሆነ ቦታ ያስፈልግዎታል። ሲ ሞልቷል ብለዋልና ሌላ ዲስክ ወይም ሰፊ ፍላሽ ይሰኩ። እዚህ «ኢ» ብለን እንጠራዋለን፤ የርስዎ ሌላ ፊደል ከያዘ በዚያ ይተኩት። «ዚስ ፒሲ» ውስጥ ገብተው የዲንም የኢንም ፊደል በዓይንዎ ያረጋግጡ፤ ውጫዊ ዲስክ ነቅለው ሲሰኩት ፊደሉ ሊቀየር ይችላል።

አሁን ትዕዛዝ በጽሑፍ የሚሰጥበትን «ኮማንድ ፕሮምፕት»ን ይክፈቱ። ስታርት ላይ «ሲኤምዲ» ብለው ይጻፉና «ራን አዝ አድሚኒስትሬተር» የሚለውን ይምረጡ። የሚከፈተው ጥቁር መስኮት አናት ላይ «አድሚኒስትሬተር» የሚል ቃል ካላዩ ዘግተው እንደገና ይጀምሩ። ዊንዶውስ 11 ላይ አንድ ወጥመድ አለ። ስታርትን ራይት ክሊክ አድርገው «ተርሚናል»ን ከከፈቱ፣ ካልቀየሩት በቀር የሚመጣው ኮማንድ ፕሮምፕት አይደለም፤ ፓወርሼል የተባለ ሌላ የትዕዛዝ መስኮት ነው። ፓወርሼል ደግሞ የዶላር ምልክት ሲያይ ከኋላው ያለውን ቃል እንደ ተለዋዋጭ፣ ማለትም ሌላ ዋጋ እንደያዘ ስም፣ ይወስደዋል። እንዲህ ያለ ተለዋዋጭ ስለሌለ በባዶ ይተካውና ፎልደሩን ነጥብና «ቢን» ብቻ አድርጎ ይፈልገዋል፤ አያገኘውም። ትዕዛዙን በትክክል ጽፈው «እንዲህ ያለ ፎልደር የለም» ከተባሉ ጥፋቱ ይኸው ነው። እዚያው መስኮት ውስጥ «ሲኤምዲ» ብለው ኢንተር ቢጫኑ ወደ ኮማንድ ፕሮምፕት ይሻገራሉ።

ከዚህ በታች ያሉትን ትዕዛዞች በአነባበባቸው ነው የጻፍናቸው። እርስዎ ሲጽፉ ቃላቱንና ፊደላቱን በላቲን ፊደል ይተኩ፤ ዶላሩን፣ ነጥቡን፣ ሁለት ነጥቡንና ሰያፍ መስመሮቹን እንዳሉ ያስቀምጡ። «ሪሳይክል» እና «ቢን» የሚጻፉት ዴስክቶፕዎ ላይ ካለው ቅርጫት ሥር በሚያዩት ሆሄ ነው። ልዩነቱ በሁለቱ መካከል ክፍተቱ ቀርቶ ነጥብ መግባቱ ብቻ ነው።

መጀመሪያ ምን እንዳለ እንይ፦

ዲር /ኤ /ኤስ ዲ:\$ሪሳይክል.ቢን

«ዲር» ሦስት ፊደል ነው፦ ዲ፣ አይ፣ አር። «/ኤ» ስውሮቹን ጭምር እንዲያሳይ፣ «/ኤስ» ወደ ውስጥ ፎልደሮች እንዲገባ ነው። የሚወርደው ዝርዝር ውስጥ በ«$አር» የሚጀምሩትን ይፈልጉ። እርስዎ ያጠፉት ሙሉ ፎልደር ስለሆነ ደስ የሚል ዜና አለ። ሙሉ ፎልደር ሲጠፋ ስሙ የሚለወጠው ላዩ ብቻ ነው። በ«$አር» የሚጀምር፣ ከስሙ በኋላ የፋይል ዓይነት የሌለው አንድ ፎልደር ያገኛሉ፤ ውስጡ ያሉት የሂሳብ ሰነዶች የድሮ ስማቸውን እንደያዙ ናቸው። ፋይሎቹን በአማርኛ ሰይመዋቸው ከሆነ ጥቁሩ መስኮት ፊደሉን ሳጥን ሳጥን አድርጎ ሊያሳይዎት ይችላል። አይደንግጡ፤ የፊደል ቅርጽ ማጣት እንጂ የፋይል መበላሸት አይደለም። ከዝርዝሩ መጨረሻ የጠቅላላው መጠን ይጻፋል፤ ኢ ላይ ያለው ባዶ ቦታ ከዚያ መብለጥ አለበት።

ከዚያ ግልበጣው፦

ሮቦኮፒ ዲ:\$ሪሳይክል.ቢን ኢ:\ባክአፕ /ኢ /ቢ /ኤክስኤፍ ዴስክቶፕ.አይኤንአይ /አር:1 /ደብሊው:1

«ሮቦኮፒ» የመገልበጫ ትዕዛዝ ነው፤ የሚጻፈው አር፣ ኦ፣ ቢ፣ ኦ፣ ሲ፣ ኦ፣ ፒ፣ ዋይ ተብሎ ነው። እያንዳንዱ ቁራጭ ምክንያት አለው። «/ኢ» ባዶዎቹን ጨምሮ ንዑስ ፎልደሮችን ሁሉ ይወስዳል። «/ቢ» በመጠባበቂያ ግልባጭ ሥልት ያነብባል፤ የመዳረሻ ፈቃድ ተበላሽቶ የሚከለክልዎትን ፋይል በአድሚኒስትሬተርነት ያልፈዋል። «/ኤክስኤፍ» ከኋላው የተጻፈውን ፋይል ይዘላል። ያ ትንሽ ፋይል ዊንዶውስን «ይህ ፎልደር ሪሳይክል ቢን ነው» የሚለው ምልክት ስለሆነ አብሮ ከተገለበጠ ግልባጩም ራሱ ቅርጫት መስሎ ይታያል፤ ውስጡንም በቀላሉ አያሳይዎትም። የመጨረሻዎቹን ሁለት ደግሞ በምንም ዓይነት እንዳይረሷቸው። ሮቦኮፒ ካልተነገረው በቀር አልነበብ ያለውን ፋይል አንድ ሚሊዮን ጊዜ፣ በየሙከራው መካከል 30 ሰከንድ እየጠበቀ ይሞክራል። አንድ የተጎዳ ፋይል ላይ ተቸክሎ ሊያድር ነው ማለት ነው። በ«1» እና «1» አንዴ ደግሞ ሞክሮ፣ አንድ ሰከንድ ጠብቆ ያልፋል።

ሲያበቃ ትንሽ ሠንጠረዥ ያወጣል። «ፌይልድ» በሚለው ዓምድ ሥር ያለውን ቁጥር ይመልከቱ፤ 0 ከሆነ ሁሉም ወጥቷል። ካልሆነ ወደ ላይ ጥቂት ወጥተው የትኛው ፋይል እንደቀረ ያንብቡ። የቀረው የማይፈልጉት ከሆነ ይለፉት። የሂሳብ ሰነዱ ራሱ ከሆነ ግን እዚህ ላይ ቆመው፣ ስለ ማስመለሻ ፕሮግራም ከታች የምንለውን ያንብቡ። ዲስኩ እየተንቋቋ ወይም እየተጎተተ ካነበበ ደግሞ ነገሩ ከሪሳይክል ቢን አልፏል፤ ዲስኩ እየሞተ ነውና አያስቸግሩት፣ የመረጃ ማስመለስ ሥራ ለሚሠራ ባለሙያ ይስጡት።

ኢ ውስጥ ገብተው «ባክአፕ» የሚለውን ፎልደር ካጡት ተሰውሮ ነው፤ ሮቦኮፒ የምንጩን የስውርነት ጠባይ አብሮ ያመጣል። እነዚህ ሁለት ትዕዛዞች ይገልጡታል፦

አትሪብ -ኤስ -ኤች ኢ:\ባክአፕ
አትሪብ -ኤስ -ኤች ኢ:\ባክአፕ\* /ኤስ /ዲ

«አትሪብ» የሚጻፈው ኤ፣ ቲ፣ ቲ፣ አር፣ አይ፣ ቢ ተብሎ ነው። አሁን ፎልደሩን በተለመደው መንገድ ከፍተው ሰነዶቹን ያያሉ። ስም ማየት ብቻ አይበቃም፤ ሦስት አራቱን ይክፈቱና እስከ መጨረሻው ገጽ ይዩ። ለየብቻ የጠፉ ፋይሎች ስማቸውን ስላጡ በፋይል ዓይነትና «ዴት ሞዲፋይድ» በሚለው ቀን ይደርድሯቸው፤ ቀኑ የጠፉበት ሳይሆን መጨረሻ የተሠራባቸው ቀን ነው። የአንዱ ስም በግድ ካስፈለገዎት ተመሳሳይ ስድስት ምልክት ያለውን የ«$አይ» ካርድ በኖትፓድ ይክፈቱ። መጀመሪያው የተዘበራረቀ ምልክት ነው፤ ከዚያ በኋላ የድሮው አድራሻ፣ ምናልባት ፊደላቱ ተራርቀው፣ ይነበባል። አድራሻው በአማርኛ ፊደል ከነበረ ግን ኖትፓድ ሊያዘበራርቀው ይችላል።

ሰነዶቹ በእጅዎ ከገቡ በኋላ ዲን ይፈትሹ። «ዚስ ፒሲ» ውስጥ ዲን ራይት ክሊክ፣ «ፕሮፐርቲስ»፣ «ቱልስ»፣ «ቼክ»። ስህተት አላገኘሁም ቢልም «ስካን ድራይቭ»ን ይጫኑ። ያገኘውን እንዲያስተካክል ይፍቀዱለት።

ከዚያ ማፍረስ። እዚህ ላይ ቆም ብለው ያንብቡልን። በየቦታው የሚያገኙት ትዕዛዝ ይህ ነው፦

አርዲ /ኤስ /ኪው ዲ:\$ሪሳይክል.ቢን

ትዕዛዙ ትክክል ነው፤ እኛ ግን «/ኪው»ን አውጡት እንላለን። «/ኪው» ማለት ሳትጠይቀኝ አጥፋ ማለት ነው። ከ«ዲ:\» በኋላ እጅዎ ሳያስበው አንድ ክፍተት ቢያስገባ «አርዲ» ሁለት ነገር እንዲያጠፋ የታዘዘ ይመስለዋል። አንደኛው ዲ ራሱ፣ ሙሉው ድራይቭ ይሆናል። በ«/ኪው» ከሆነ አንድ ቃል ሳይናገር ከላይ ጀምሮ ይጠርጋል፤ በዚህ መንገድ የጠፋ ደግሞ ወደ ምንም ቅርጫት አይገባም። ስለዚህ እንዲህ ይጻፉ፦

አርዲ /ኤስ ዲ:\$ሪሳይክል.ቢን

ኢንተር ሲጫኑ የፎልደሩን ሙሉ አድራሻ አሳይቶ «እርግጠኛ ነዎት?» ብሎ ይጠይቃል። አድራሻውን ያንብቡት። «ዲ:\» ብቻውን ከቆመ «ኤን» ብለው ይውጡ። ሙሉው ስም ካለ «ዋይ»። ሥራው ሲያልቅ ምንም አይልም፤ ዝም ካለ ተሳክቷል። «አክሰስ ዲናይድ» ቢል ሌላ ፕሮግራም ፎልደሩን ይዞት ሊሆን ይችላል፤ ኮምፒውተሩን አጥፍተው አብርተው፣ ሌላ ነገር ሳይከፍቱ ይድገሙት። ይህ ትዕዛዝ በዚያ ድራይቭ ላይ የሁሉንም ተጠቃሚ የተጣለ ፋይል እንደሚያጠፋ አይርሱ፤ ዲን ሌላ ሰውም ከተጠቀመበት አስቀድመው ይጠይቁት።

ፎልደሩን መልሰው መፍጠር አይጠበቅብዎትም፤ ዲ ላይ የመጀመሪያውን ፋይል ሲያጠፉ ዊንዶውስ ራሱ አዲስ ይሠራል። ይሞክሩት። ዲ ላይ አንድ ባዶ የጽሑፍ ፋይል ይፍጠሩ፣ ያጥፉት፣ ቅርጫቱን ከፍተው ይዩት፣ «ሪስቶር» ይበሉት። ወደ ቦታው ከተመለሰ ሥራው አልቋል። መልእክቱ በሳምንቱ ተመልሶ ከመጣ ግን ዲስኩን ወይም ገመዱን ይጠርጥሩ። ሪሳይክል ቢኑን ደጋግሞ ማፍረስ ትኩሳቱን እንጂ በሽታውን አይነካም።

«የስ» ብለው ላለፉ አንባቢዎች ደግሞ ይህችን ጣል እናድርግ። ተሽከርካሪ ሃርድ ዲስክ ላይ ከቅርጫቱ የተራገፈ ፋይል ይዞት የነበረው ቦታ «ነጻ» ተብሎ ይመዘገባል እንጂ ወዲያው አይፋቅም፤ ሌላ ነገር እስኪጻፍበት ድረስ ሊመለስ ይችላል። ተሽከርካሪ ክፍል በሌለው ዲስክ፣ በኤስኤስዲ፣ ላይ ግን ዊንዶውስ «ትሪም» በሚባል ትዕዛዝ ቦታው እንደማያስፈልግ ለዲስኩ ይነግረዋል፤ ዲስኩም ብዙ ሳይቆይ ስለሚያጸዳው የመመለስ ተስፋው በጣም ይመነምናል። ማይክሮሶፍት በ2020 ያወጣው «ዊንዶውስ ፋይል ሪከቨሪ» የተባለ ነጻ ፕሮግራም አለ፤ ፋይሉ በጠፋበት ድራይቭ ላይ አይጫኑት፣ የሚያወጣውንም ወደዚያው ድራይቭ አያስቀምጡ። ለማዳን በሚጽፉት ነገር ራሱ የሚድነውን ሊደፍኑት ይችላሉ።

ወደ ሁለተኛው ጥያቄዎ እንምጣ፤ ከላይ ስለ ንዑስ ፎልደሮቹ ያልነው ግማሹን መልሶታል። ባዶ ያደረጉት የራስዎን ንዑስ ፎልደር ብቻ ነው። ባልደረባዎ ያጠፉት 40 ጊጋባይት ቪዲዮ ካለ በርስዎ ቅርጫት ውስጥ አይታይም፤ የሲን ቦታ ግን እንደያዘ ይቀጥላል። ፋይል ሲጠፋ የሚቀየረው አድራሻው ብቻ ስለሆነ፣ ቅርጫቱ ባዶ እስኪደረግ ድረስ አንድ ባይት አይለቀቅም። ትልቅ ፋይል በቅጽበት የሚጠፋውም ለዚህ ነው። ንጹሑ መንገድ ባልደረባዎ በራሳቸው አካውንት ገብተው ቅርጫታቸውን እንዲያራግፉ ነው። ከኮምፒውተሩ የተሰረዘ የድሮ አካውንት ካለ የሱ ንዑስ ፎልደር ባለቤት አልባ ሆኖ ሊቀር ይችላል። በአድሚኒስትሬተር ኮማንድ ፕሮምፕት «ዲር /ኤ /ኤስ ሲ:\$ሪሳይክል.ቢን» ብለው የየፎልደሩን መጠን ያያሉ። የራስዎ የትኛው እንደሆነ «ሁአማይ /ዩዘር» ይነግርዎታል፤ የመጀመሪያው ቃል የሚጻፈው ደብሊው፣ ኤች፣ ኦ፣ ኤ፣ ኤም፣ አይ ተብሎ ነው። መለያዎቹ የሚለያዩት ብዙውን ጊዜ በመጨረሻው ቁጥር ብቻ ነው፤ 1001፣ 1002 እያሉ ይሄዳሉ። ስለዚህ ጅራቱን ነው ማንበብ ያለብዎት።

ቅርጫቱ ዳግም እንዲህ እንዳያብጥ ወሰኑን ዝቅ ያድርጉት። ዊንዶውስ ሳይነገረው የሚወስደው ልክ ከድራይቩ የመጀመሪያ 40 ጊጋባይት 10 በመቶ፣ ከቀረው 5 በመቶ ገደማ ነው። 500 ጊጋባይት ተብሎ የሚሸጥ ዲስክ ዊንዶውስ ላይ 465 ሆኖ ስለሚታይ ወሰኑ ወደ 25 ጊጋባይት ይደርሳል። ለጠበበ ሲ ድራይቭ ይህ ብዙ ነው። ቅርጫቱን ራይት ክሊክ፣ «ፕሮፐርቲስ»፣ ሲን ይምረጡ፣ «ከስተም ሳይዝ» ሥር በሜጋባይት 5000 ወይም 8000 ይጻፉ። ባልደረባዎም በራሳቸው አካውንት እንዲሁ ያድርጉ። ነገር ግን ዋጋውን ይወቁ፦ ወሰኑ ሲሞላ ዊንዶውስ ከሁሉ የቆየውን ፋይል ሳይጠይቅ እያወጣ ይጥላል፤ ከወሰኑ የሚበልጥ አንድ ፋይል ሲያጠፉ ደግሞ ወደ ቅርጫቱ አያስገባውም፤ ለዘለቄታው ላጥፋው ብሎ ይጠይቃል። «ዶንት ሙቭ ፋይልስ» የሚለውን ምርጫ ግን አይንኩት፤ እሱን ካበሩት ቅርጫት የሚባል ነገር የለዎትም።

«ሴቲንግስ» ሳይነኩ ፋይል ከቅርጫቱ እየጠፋ ነው የሚሉ ሰዎች ብዙ ጊዜ «ስቶሬጅ ሴንስ»ን ያላወቁ ናቸው። «ሴቲንግስ»፣ «ሲስተም»፣ «ስቶሬጅ» ውስጥ ያገኙታል። ሲበራ ቅርጫቱ ውስጥ ከ30 ቀን በላይ የቆየውን ያራግፋል፤ ወደ 1፣ 14 ወይም 60 ቀን፣ ወይም ፈጽሞ እንዳያራግፍ መቀየር ይቻላል። እርስዎ እንደሚያደርጉት ቅርጫቱን እንደ ሁለተኛ ዕድል የሚቆጥር ሰው 60 ያድርገው። እዚያው ገጽ ላይ «ቴምፖራሪ ፋይልስ»ን ከፍተው ይዩ፤ የሲ መሙላት ምክንያት ሪሳይክል ቢን ሳይሆን የድሮ ዊንዶውስ ቅሪት ወይም የአፕዴት ፋይሎች ሊሆኑ ይችላሉ።

ፍላሹን በተመለከተ ምንም አልተበላሸም። ዊንዶውስ ለፍላሽ፣ ለካሜራ ካርድ፣ በገመድ ለተገናኘ ስልክና በኔትወርክ ለሚጋራ ፎልደር ቅርጫት አያዘጋጅም። እዚያ ላይ ዴሊት ማለት መጥፋት ነው። ውጫዊ ሃርድ ዲስክ እንደ ቋሚ ዲስክ ስለሚቆጠር ነው የርስዎ ዲ ቅርጫት ያለው። በሺፍት ዴሊት የጠፋም፣ በኮማንድ ፕሮምፕት የጠፋም እንዲሁ ቅርጫቱን አያየውም። ማክ ላይ ነገሩ ይለያል። ከፍላሽ ያጠፉት ፍላሹ ላይ ባለ ስውር ፎልደር ውስጥ ይቀመጣልና፣ ፍላሹ እንደተሰካ «ትራሽ»ን ባዶ እስኪያደርጉ ድረስ ቦታው አይለቀቅም። ባዶ የሚመስል ፍላሽ «ሞልቻለሁ» ካለዎት ማክ ላይ ተሰክቶ እንደነበር ይጠይቁ።

ለርስዎ አንድ ነገር እናብራ። ቅርጫቱን ራይት ክሊክ፣ «ፕሮፐርቲስ»፣ ከታች «ዲስፕሌይ ዴሊት ኮንፈርሜሽን» የሚለውን ምልክት ያድርጉበት። ከዊንዶውስ 8 ጀምሮ ሳይበራ ነው የሚመጣው። ሲበራ ባጠፉ ቁጥር ትንሽ መስኮት ይመጣል፤ ሙሉውን ማንበብ የለብዎትም፣ አንድ ቃል ብቻ ይፈልጉ። «ሙቭ» ካለ ፋይሉ ወደ ቅርጫቱ እየሄደ ነው፣ ይመለሳል። «ፐርማነንትሊ» ካለ እጅዎን ከኢንተሩ ላይ ያንሱ።